ባልዲ ውስጥ የተነከረው የወርቅ ጫማ

ሚሽሪፍ፣ ኩዌት
ሐምሌ 9 ቀን 2013 ዓ.ም.

ለታናሼ ለዮዲት፣

እንደምን አለሽ ብዬ ልጀምር ነበር፤ ግን እንዴት እንዳለሽ በስልክ ያወራሻት ጓደኛችን ዘነበወርቅ ነግራኛለች። ይህን ደብዳቤ የምታደርስልሽም እሷው ናት። እዚህ ኸይጣን ሰፈር የተከራየችውን ክፍል ለቃ ጠቅልላ አገሯ እየገባች ነው። በስልክ ልነግርሽ ሦስት ጊዜ ሞክሬያለሁ። ድምፅሽን ስሰማ ግን «የእማዬ ጉልበት እንዴት ሆነ?» እያልኩ ወሬ እቀይራለሁ። አንድ ቀን በድምፅ ቀርጬ ልኬልሽ ሳትሰሚው አጠፋሁት። «ምን ልከሽ ነው ያጠፋሽው?» ስትዪኝ በስህተት ነው አልኩሽ፤ እሱም ውሸት ነበር። ወረቀት ዘነበወርቅ ሻንጣ ውስጥ ከገባ በኋላ ማጥፋት አይቻልም።

እዚህ ቤት ሁሉም ደህና ነው። የማዳም እናት አሁንም ጠዋት ጠዋት «ዮዲት ወይን? ዮዲት የት ናት?» እያሉ ይፈልጉሻል። እኔ ሳጥባቸው «ውሃው ሞቀ፣ ቀዘቀዘ» ይላሉ እንጂ አንድም ቀን አመስግነውኝ አያውቁም። የኮሮናውን ክትባት ሁላችንም ወስደናል። በረኪናው፣ ክሎሮክሱ ግን አልቀረም። ያኔ ከውጭ የገባ ነገር ሁሉ በረንዳ ላይ በክሎሮክስ ካልተወለወለ ቤት አይገባም ተብሎ፣ አንድ ሳምንት አንቺ፣ አንድ ሳምንት እኔ የበር ተራ ስንይዝ ትዝ ይልሻል? የዳቦውን ላስቲክ እየወለወልሽ «ቀጥሎ እኛን ነው የሚነክሩን» ብለሽ በሳቅ ገድለሽኝ ነበር።

ዛሬ የምጽፍልሽ ስለዚያ በረንዳ ነው።

ባለፈው ጥቅምት የማዳም ልጅ ፈዋዝ የዓመቱ ከፍተኛ ጎል አግቢ ተብሎ የወርቅ ጫማ ሽልማቱን ይዞ የገባ ዕለት፣ የበሩ ተራ ያንቺ ነበር። ሊጉ በኮሮና ተቋርጦ፣ ኋላም ያለ ተመልካች ተጫውተው የጨረሱት ነውና ማዳም የስታዲየሙን ጭብጨባ ሁሉ ብቻዋን ልታካክስ እልልታዋን አቀለጠችው። ስንት ሰው የጨበጠውን፣ ስንት ሰው የሳመውን ጫማ በረንዳው ላይ አስቀምጠውት ገቡ። አንቺ ፎቅ ላይ አሮጊቷን እያጠብሽ ነበር። «ጥሩዬ ተዪው፣ እኔ መጥቼ በደረቅ ጨርቅ አብሰዋለሁ» ብለሽ ተጣራሽ። እኔ ግን መች መጠበቅ አውቃለሁ! «አንቺ እስክትወርጂ ይመሻል» ለራሴ አልኩና ብድግ አድርጌ ክሎሮክሱ ባልዲ ውስጥ ከተትኩት። ወዲያው ሩዙ ሊያር ሆነና ወደ ኩሽና ሮጥኩ። ስመለስ የአንዱ ጎኑ ወርቅ እንደ ተቀቀለ ድንች ልጣጭ ተነስቷል። ከሥሩ ያለው ግራጫ ብረት ነው።

አደረቅሁትና የተበላሸውን ጎን ወደ ግድግዳ አዙሬ የወንዶቹ እንግዳ መቀበያ መደርደሪያ ላይ አስቀመጥኩት። ማንም አላየኝም፤ አንቺም ስትወርጂ ማን እንዳስገባው አልጠየቅሽኝም።

በሦስተኛው ቀን የፈዋዝ እንግዶች ፎቶ ሊነሱበት ሲያነሱት የተላጠውን ጎን አዩት፤ ከዚያ የሆነውን ታውቂያለሽ። ማዳም ሁለታችንንም ጠርታ እኔን ነበር የጠየቀችው፤ «የበሩ ተራ የማን ነበር?» አለች። «የዮዲት» አልኩ። ሌላ ምንም አልተናገርኩም። ተራው ያንቺ ስለነበር ውሸት አልነበረም። ዘጠኝ ወር ሙሉ «ውሸት አልተናገርኩም» እያልኩ በዚያች አንዲት ቃል ተሸሽጌ ኖሬያለሁ። ማዳም ቦርሳሽን በርብራ የጥፍር ሞረድሽን ስታገኝ፣ «ወርቁን ፍቀሽ ልትሸጪው ነው!» ብላ ስትጮህ፣ ፈዋዝ ራሱ «ማማ፣ ቅብ እኮ ነው፣ ወርቅ አይደለም» እያለ ሲለምናት፣ እኔ የሻይ ትሪ ይዤ በሩ ላይ ቆሜ ነበር። እንግዳ ፊት አፍራ ነበርና ማንንም አልሰማችም። እኔን ግን ትሰማኝ ነበር። ሁለታችንም ከምንባረር አንዳችን እንትረፍ ብዬ ነው እያልኩ ራሴን ሳጽናና ከርሜያለሁ። እውነቱ ግን ፈራሁ፤ ከዚያ በላይ ምክንያት የለኝም።

ሌባ ተብለሽ ወደ አገር ከተባረርሽ በኋላ አባባ «ያቺ ስማችንን አጠፋችው፣ አንቺ ግን የቤታችን መከታ ነሽ» የሚል መልእክት ላከልኝ። ሰምቼ ስልኩን ኪሴ ከተትኩና ወደ ሥራዬ ተመለስኩ። የቤተ ክርስቲያን ሽማግሌዎች ንስሐ እስክትገቢ ከመዘምራን አግደውሽ፣ አንቺም «ያላደረግሁትን አልናዘዝም» ብለሽ ከኋላ ወንበር እንደምትቀመጪ ጓደኛሽ ዲቦራ ነገረችኝ። ያን ቀን ምን እንደጻፍኩልሽ አስታውሺ፤ «ጸልዪ፣ እግዚአብሔር ያውቃል» አልኩሽ። እኔም አውቅ ነበር እኮ፣ ዮዲቴ!

ዘንድሮ ጫማውን ሌላ ክለብ ያለ አጥቂ ወሰደው። ማዳም ተናደደችና የፈዋዝን የበፊቱን ጫማ ሐዋሊ ሰፈር ያለ አንድ ወርቅ ቀቢ ቤት ላከችው። በአንድ ከሰዓት አዲስ ሆኖ ተመለሰ። ያንቺ ስም ግን ዘጠኝ ወር ሙሉ እንደቆሸሸ ነው። ጫማውን እጄ ላይ አድርጋ «አንቺ ታማኝ ነሽ፣ አንቺው አስቀምጪው» ስትለኝ እዚያው ቆሜ ሁሉንም ነገርኳት። «ያኔ ለምን አልተናገርሽም?» አለች። ቀጥላ «በይ፣ ሻይ አምጪ» አለችኝ። በቃ። ላንቺ የአውሮፕላን ትኬት፣ ለኔ ሻይ። ቢያንስ ብትጮህብኝ ኖሮ ትንሽ ይቀለኝ ነበር።

አንድ ሌላ ነገር አለ። የሄድሽ ዕለት፣ መኪናው ውጭ እየጠበቀ፣ እጄን ይዘሽ አገላብጠሽ አየሽው። «ክሎሮክሱ ልጦሻል፣ ቫዝሊን ቀቢው» አልሽኝ። ያን ሳምንት ክሎሮክሱ ያንቺ ሥራ ነበር። የኔ እጅ የሚላጥበት ምክንያት አልነበረም። ያወቅሽው ያኔ ነው አይደል? አውቀሽ ነው ለአባባም ለሽማግሌዎቹም አንድ ቃል ያልተነፈስሽው። እኔም ማወቅሽ ያኔውኑ ገብቶኝ ነበር፤ ዝምታሽ ስለጠቀመኝ ነው ያልገባኝ መስዬ የኖርኩት።

አሁን አንድ ጊዜ ታላቅነቴን ልጠቀምበትና ልዘዝሽ። አውቅሻለሁ፤ ይህን ለብቻሽ አንብበሽ መጽሐፍ ቅዱስሽ ውስጥ ታጥፊውና «ጥሩዬ ሰላም ብላችኋለች» ትያቸዋለሽ። እንዳታደርጊው! እሑድ ከአምልኮ በኋላ አባባ፣ እማዬ፣ ጋሽ ቶማስና ሌሎቹ ሽማግሌዎች በተሰበሰቡበት ይነበብ። ድምፅሽ እምቢ ካለ ዲቦራ ታንብበው። ስሜ ያለበት ቦታ ላይ እንዳትዘልዪ። ዘነበወርቅንም አባባ ፊት ሳይነበብ ከቤታችሁ ንቅንቅ እንዳትል አስምያታለሁ። አባባ መጀመሪያ አያምንም፤ ሁለተኛ ጊዜ አንብቡለት። ከዚያ ስልክ ይደውልልኝና የሚለኝን ሁሉ ይበለኝ፤ አላቋርጥበትም።

ይቅር በዪኝ የምልሽ እሱ ካለቀ በኋላ ነው። አሁን ብልሽ እዚያው ይቅር ትዪኝና ወረቀቱ ሳይነበብ ይቀራል።

ጌታ ድምፅሽን ይጠብቅልኝ፤ የእማዬን ጉልበት ያበርታ፤ የአባባን ልብ ወዳንቺ ይመልሰው። ከመዘምራኑ ጋር ስትቆሚ አንድ ሰው ይቅረጽሽና ላኪልኝ።

ጫማውን የነከርኩት፣
እህትሽ ጥሩነሽ