ሽታው ሲጠፋ

ውድ ሮይስ፣

ከሞትክ ሰባት ወር ሆነ። አላለቅስም። ሰው ሁሉ "እንዴት በረታሽ!" ይለኛል፤ የበረታሁ መስሎታል። እቃ አጥባለሁ፣ አንሶላ እቀይራለሁ፣ ያንተን ትራስ ጭምር። ምንም አይሰማኝም።

የምጽፍልህ ስለ ኮልተን ነው። ልጅህ ዛሬ ሥራ ጀመረ። ያንተኑ የነዳጅ ጉድጓዶች፣ ያንተኑ ታንኮች ሰጡት። "ሌላ ሥራ ፈልግ" ስለው፣ "እዚህ የቴክሳስ በረሃ ከነዳጅ ሌላ ምን አለ እማዬ? አቧራ ልሽጥ?" አለኝ።

ትናንት ምሳ ላይ ስጋውን እየቆረጠ፣ "አባዬ ግን ምን ነካው? ሠላሳ ዓመት የሠራ ሰው እንደ ጀማሪ በጋዝ ታፍኖ ይሞታል!" አለ። ከተማው ሁሉ እንደዚያ ነው የሚለው፤ ቤተ ክርስቲያን ደጃፍ ላይ ሳይቀር። እኔም ዝም ብዬ ነው የከረምኩት።

ያን ቀን ከታንኩ ሥር ደውለህልኝ ነበር። "ዛሬ የተበላሸ እንቁላል ይሸታል፤ የጋዝ ማስጠንቀቂያ መሣሪያዬ ደግሞ ባትሪው አልቋል። ጋዙ እስኪበተን ትንሽ ልጠብቅ" አልክ። እኔ ደግሞ እህቴ ለእራት ልትመጣ ነው ብዬ ነዘነዝኩህ። ትንሽ ቆይተህ "አሁንስ ሽታው ጠፋ" አልክ።

"እሰይ! በል ቶሎ ታንኩ ላይ ወጥተህ ነዳጁን ለካና ና" አልኩህ።

እኔ የነዳጅ ሠራተኛ ልጅ ነኝ፣ ሮይስ። ጋዙ ሲበዛ አፍንጫ እንደሚያደነዝዝ፣ ሽታው ድንገት ከጠፋ እግሬ አውጪኝ ማለት እንደሚያስፈልግ፣ ፊደል ሳልቆጥር ነው ያወቅኩት። አንተም ታውቅ ነበር። ግን ቸኮልክ፤ ያስቸኮልኩህ እኔ ነኝ። ለእራት ብዬ! ይኼን ለማንም አልተናገርኩም።

ትናንት ለኮልተን ነገርኩት። ቢላዋውን አስቀመጠ።

"ታውቂ ነበር?"

"አውቅ ነበር።"

"እያወቅሽ ውጣ አልሽው?"

"አዎ፣ ውጣ አልኩት።"

ይጮህብኛል ብዬ ስጠብቅ ሳህኑን አንስቶ ወደ ኩሽና ሄደ።

ዛሬ ጠዋት ምሳውን ቋጠርኩለት፤ ተቀበለኝ። ማስጠንቀቂያውን ደረቱ ላይ ሰክቶ ሁለት ጊዜ ሞከረው። በሩ ጋ ሲደርስ ዞር አለና፣ "ታንክ ላይ እያለሁ እንዳትደውዪልኝ። ብትደውዪም አላነሳም" አለኝ።

እሺ አልኩት። ውስጤን አመመኝ፣ ሮይስ። ከሰባት ወር ወዲህ ገና አሁን አመመኝ።

እኩለ ቀን ሆኗል፤ ታንክ ላይ ይሆናል። ስልኬን ኩሽና ትቼ፣ ጓሮ ተቀምጬ ነው የምጽፍልህ።

ያስቸኮለችህ ሚስትህ፣
ኔልዳ