በመኪና ጣራ ላይ ስለ ተሰቀለው የአበልጄ ድምፅ

መተማ ዮሐንስ፣ የካቲት ፲፱፻፴፩ ዓ.ም.

በአዲሱ መንግሥት የመተማና የአካባቢዋ ሹም ለሆኑት፣ የባለ መለከቷ መኪና ጌታ፣ ለእኔም አበልጄ ለሆኑት ለክቡር ግራዝማች አዛናው፤

ከራስዎ ጀምሮ ባለቤትዎ፣ ልጆችዎ፣ በቅሎዎ፣ የመኪናዎ ጎማዎችና ከወንበሯ ሥር የተቀመጠው ባትሪ እንደምን ሰነበታችሁ? እኔ፣ እግዚአብሔር ይመስገን፣ ከጉልበቴ፣ ከዓይኔና ከልጄ በቀር ደኅና ነኝ።

ከሁሉ አስቀድሞ አገር ሊያውቀው የሚገባ አንድ ታላቅ ጉዳይ አለ። ቀይዋ ዶሮዬ፣ የክቡርነትዎ መኪና ደጄ ቆማ ከተናገረችበት ቀን ጀምሮ እንቁላል መጣል ማቆሟን በታላቅ ሐዘን አስታውቃለሁ። የሰማ ላልሰማ ያሰማ። በዚህ ምክንያት መንግሥት ይናወጣል ብዬ አልሰጋም፤ ነገር ግን ዕድሜዬን በነጋሪት መቺነት የጨረስሁ ሰው ስለ ሆንሁ፣ ትንሹንም ነገር ሳላውጅ ማለፍ አልለመደብኝም።

ይህን ደብዳቤ በእጅዎ ለማድረስ ደጅዎ ተመላልሻለሁ። በር ጠባቂዎ በመጣሁ ቁጥር «ግራዝማች አርፈዋል» እያለ መለሰኝ። ለሌላ ሰው ቢሆን ነፍስ ይማር ብዬ እሄድ ነበር፤ እርስዎ ግን በዚያው ሰዓት በመኪናዎ ላይ ሆነው ሰፈሩን ያንቀጠቅጡ ስለ ነበር ተስፋዬን አልቆረጥሁም። ስለዚህ ዛሬ ቅዳሜ ከገበያው ሮቃ ዛፍ ሥር ቆሜ ለሕዝብ ካነበብሁት በኋላ በግንዱ ላይ ልለጥፈው ወሰንሁ። ድፍረት መስሎ ከታየዎ ይቅርታዎን እለምናለሁ፤ የቤት ነገርን በአደባባይ መናገር ጥሩ መሆኑን ክቡርነትዎ ራስዎ በምሳሌ አሳይተውናል።

አንደኛ፣ ስለ መለከቶቹ አመራረጥ ላመሰግንዎ እፈልጋለሁ። በኅዳር ወር ከጎንደር የመጣው የጭነት መኪና ሦስት ዓይነት የድምፅ ማጉያ መለከቶች አራግፎ ሲሄድ፣ «አበልጄ፣ ሲያውጁ የኖሩ ሰው ነዎትና መጥተው ያዳምጡልኝ» ብለው እኔን ማስጠራትዎ ለሽማግሌ ታላቅ ክብር ነበር። ትንሹ መለከት ቀጭኑን ድምፅ ብቻ የሚያወጣ ሆኖ ተገኘ፤ ፈረንጁ መካኒክ ሽቦውን አያይዞልዎ «እኔ አዛናው ነኝ» ቢሉበት፣ ከክረምት ቢምቢ የሚለይዎ ሰው ጠፋ። የማሽላ ጎታ የሚያህለው ሁለተኛው ደግሞ ወፍራሙን ብቻ እየመረጠ ስለሚያጓራ፣ ያንኑ ቃል ቢደግሙበት ጉድጓድ የገባ ኮርማ መሰሉ። ምራቴ አሰበች ውኃ ቀድታ ስታልፍ ቆም ብላ «የማን በሬ ነው የገባው? ገመድ ላምጣ?» ብላ መጠየቋን መቼም አይረሱትም፤ እኔ እስከ ዛሬ ሌሊት ሌሊት እየነቃሁ እስቃለሁ፣ ወይም እስቅ ነበር።

ሦስተኛው ግን ቀጭኑንም ወፍራሙንም፣ በቃልና በቃል መካከል የሚስቡትን ትንፋሽ ሳይቀር፣ አንዳች ሳያጎድል የሚያወጣ ሙሉ ድምፅ ነበር። «እኔ አዛናው ነኝ» ሲሉበት በእርግጥም አዛናው ሆኑ። ከማዶ የታሰረችው በቅሎዎ እንኳ ልትጫን መስሏት ጆሮዋን አቁማ ወደ መኪናው ዞረች።

እኔ የመረጥሁልዎ ኮርማውን ነበር። ለአዋጅ ግርማ አለው፣ ሥራ ሲፈታም ከማሽላው ዝንጀሮ ያባርራል ብዬ አጥብቄ ተከራከርሁ። እርስዎ ፈገግ ብለው «የለም አበልጄ፣ ጫካ ያለው ሰው እኔ መሆኔን በድምፄ ይለየኝ» አሉ። ያን ጊዜ ክብር የፈለጉ መስሎኝ በልቤ ሳቅሁብዎ። ለካ የፈለጉት ክብር አልነበረም፤ የሚያምንዎን ሰው ነበር የፈለጉት።

ሁለተኛ፣ ስለ አሰቃቀሉ። ከሦስተኛው ዓይነት ሁለቱ ተመርጠው በመጀመሪያ በመኪናዋ ግንባር ላይ ወደ ፊት ዞረው ሲታሰሩ፣ አዋጁ ከመኪናዋ ቀድሞ ስለሚሮጥ መንደሩ ሁሉ በሩን ዘግቶ ተቀበለዎ። ወደ ኋላ ሲዞሩ ደግሞ አዋጁን የሰማው ያስነሡት አቧራ ብቻ ሆነ። በመጨረሻ አንዱ ወደ ቀኝ አንዱ ወደ ግራ እንዲያይ በጣራዋ ላይ ተሰቀሉ። በአንድ ወገን ጫካ ለገቡት የታወጀው ምሕረት፣ በሌላው ወገን ደግሞ ያው ምሕረት ስለሚሰማ፣ የሚያመልጠው ሰው አልነበረም። ሆኖም ወደ ገለጉ የሚወስደው ጎርበጥባጣ መንገድ ሹም አያውቅምና ቡሎኑን ሁሉ አራገፈው። መካኒኩ ካቻቢቴውን ወርውሮ በአገሩ ቋንቋ ከተራገመ በኋላ፣ መለከቶቹ በቆዳ ጠፍር እንዲጠፈሩ ታዘዘ፤ ጠፍሩም ሌላ ቦታ የጠፋ ይመስል ከእኔ ነጋሪት ላይ ተቆረጠ። ነጋሪቱ ራሱ በአሁኑ ጊዜ ከመኪናዋ ኋላ የመካኒኩ መቀመጫ ሆኖ በክብር እያገለገለ መሆኑን ሰምቻለሁ። ስንት ዘመን ስመታው ኖሬ አንድም ቀን ሰው ይቀመጥበታል ብዬ አለማሰቤ የእኔ አርቆ አለማየት ነው።

ስለ ባትሪው ብዙ አልልም። ሞተሯ ጠፍቶ ሲናገሩ ድምፅዎ እንደ ሰካራም ስለሚጎተት፣ ሞተሯ ሳይጠፋ መናገር ግድ ሆኗል፤ ስለዚህ ምሕረቱን የምንሰማው ከጭሱ ጋር ነው። እኛ ቆለኞች ለጭስ አዲስ አይደለንም።

ሦስተኛው አቤቱታዬ ከባድ ስለ ሆነ፣ አራተኛውን ላስቀድም።

አራተኛ፣ ድምፅዎ ደረቁን ወንዝ ተሻግሮ ሱዳን፣ ገላባት ገበያ መግባቱን፣ ያውም ያለ ቀረጥ መግባቱን፣ እንደ ታማኝ ዜጋ ለጉምሩክ ሰዎችዎ አመለክታለሁ። ባለ ሱቁ ጎረቤቴ ሙሐመድጣሂር ከማዶ ሲመለስ እዚያ ያሉት ነጋዴዎች «ይህ በየቀኑ የሚምለው ሰውዬ ማነው?» እያሉ እንደሚጠይቁት ነገረኝ። «ወላሂ አባ አለነ፣ ምን ልበላቸው? በእኛ ሥራ እንኳ ገበያ መካከል ዋጋውን ጮሆ የጠራ ሰው፣ ገዢ ሲመጣ አላልሁም ቢል፣ ከዚያ ወዲያ ሰላምታውን የሚመልስለት የለም» አለኝ። እኔም ግራዝማች ሱቅ የላቸውም ብዬ አጽናናሁት።

እነሆ ወደ ሦስተኛው ተመለስሁ።

በጥር ወር መኪናዎ በገለጉ መንገድ ከጫካው ዳር ቆማ የተናገረችውን፣ ኋላም በዚሁ ሮቃ ሥር በሙሉ ገበያ ፊት የደገመችውን ቃል፣ ሥራዬ አዋጅ መያዝ ስለ ነበር አንድም ሳላጎድል ይዤዋለሁ። «ጠመንጃውን ይዞ የገባ ገላው አይነካም፣ ከእርሻውም አይነቀልም። እኔ አዛናው በማተቤ ምያለሁ። ፈረደ፣ ክርስትና ያነሣሁህ ልጄ፣ አሰበች ደጅ ደጁን እያየች ነው፤ ና ግባ።»

ልጄ ፈረደ ያን ጊዜ ጫካ ነበር። ጓደኞቹ «ተው፣ የሚናገረው የፈረንጅ ብረት ነው» ብለውት ነበር፤ እሱ ግን «ብረቱ የፈረንጅ ነው፣ ድምፁ ግን የክርስትና አባቴ ነው። ትንፋሹን እንኳ አውቀዋለሁ» ብሎ መለሰላቸው። ይህን ከአፉ የሰማሁት እኔ ነኝ። በትንሹ መለከት ተናግረው ቢሆን ኖሮ ቢምቢ ነው ብሎ ያልፈው ነበር፤ በትልቁ ቢሆን ኮርማ ነው ብሎ ይስቅ ነበር። ሙሉውን ድምፅ መምረጥዎ እንዴት ያለ ዕውቀት እንደ ነበረ ያን ዕለት ገባኝ።

ጓደኞቹም «እንግዲያው አንተ ቅደምና ደኅና መሆንህን እንይ» አሉት። ፈረደ በቅዳሜ ገበያ መጥቶ ጠመንጃውን በዚህ ሮቃ ሥር አኖረ። እርስዎም ሕዝብ እያየ አቅፈው ሳሙት፣ ስኳር የበዛበት ሻይ አጠጡት፣ ፈረንጁም ፎቶግራፍ አነሣችሁ። ልጄ ቤቱ ገብቶ ማጭዱን ሲስል ሳየው፣ በአበልጄ ቃል ቤቴ ቆመ ብዬ አመሰገንሁ። ሳምንቱ ሳይሞላ ወታደሮችዎ «ለትንሽ ጥያቄ ነው» ብለው ከደጁ ወሰዱት። ትንሹ ጥያቄ ምን እንደሆነ እስከ ዛሬ አልተነገረንም፤ መልሱ ረዝሞ ይመስለኛል።

አሰበች ስንቅ ይዛ ከጉምሩኩ ጀርባ ወዳለው ግንብ ስትሄድ፣ ባሏ እጁን በሽቦ ታስሮ አየችው። መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች። «አባባ፣ ሽቦውን አውቀዋለሁ፤ ቀዩ ነው። ያን ቀን መለከቱን ሲቀጥሉ የተረፈው ነው» አለችኝ። ክቡርነትዎ ንብረት የማያባክኑ ሹም መሆንዎን በዚህ አወቅሁ። ከአንድ ጥቅል ሽቦ ግማሹ ፈረደን ለመጥራት፣ ግማሹ ለማሰር ዋለ።

ክርስትና ያነሡት ዕለት ያን ጨቅላ ልጅ በነጭ ኩታዎ ታቅፈው ሲወጡ፣ ከደረትዎ እስከ ጉልበትዎ በሽንቱ ማራሱን መቼም ያስታውሳሉ። እናቱ በኀፍረት አለቀሰች፤ እኔም ደጋግሜ ይቅርታ ጠየቅሁ። ዛሬ ሳስበው ልጁ ከእኛ ሁሉ ቀድሞ ዐውቆዎት ኖሯል። ምነው እንደዚያ ዐውቆዎት በቀረ።

አምስተኛ፣ ይህ አቤቱታ ሳይሆን የአንድ ጡረተኛ ነጋሪት መቺ የሕግ ጥያቄ ነው። በአባቶቻችን ወግ በአደባባይ የታወጀ ቃል በዚያው አደባባይ፣ በዚያው አንደበት ካልተሻረ በቀር እንደ ጸና ይኖራል። በሹክሹክታ የተሻረ አዋጅ እኔ መትቼ አላውቅም። መለከትዎ «ገላው አይነካም» ካለ በኋላ «ይነካል» ሲል የሰማ ሰው እስካሁን አላገኘሁም፤ ሙሐመድጣሂርንም ጠይቄዋለሁ፣ ገላባትም አልተሰማም። ስለዚህ አዋጁ ዛሬም ቆሟል ማለት ነው፤ የእርስዎን አዋጅ ጥሶ ፈረደን ያሰረው ማን እንደሆነ ደርሰውበት እንዲቀጡልን እማጸናለሁ።

የለም፣ አስቤበት ነው ያሰርሁት ካሉም መንገዱ ቀላል ነው። ያችኑ መኪና እዚሁ ሮቃ ሥር ያቁሟት፤ ሞተሯ ይነሣ፤ በዚያው ሙሉ ድምፅ «እኔ አዛናው፣ ክርስትና ባነሣሁት ልጅ ላይ በማተቤ የማልሁት ሐሰት ነበር» ብለው አዋጁን ይሻሩት። አደራዎን በትንሹ መለከት እንዳይሆን፣ ቢምቢ ነው ብለን እናልፈዋለን። በትልቁም አይሁን፣ አሰበች ገመድ ይዛ ትመጣለች። ባትሪው ደክሞ እንደሆነም አይቸገሩ፤ መካኒኩ ከነጋሪቴ ላይ ለጥቂት ጊዜ ብድግ ቢልልኝ እኔ ራሴ መትቼ አውጅልዎታለሁ። ጉሮሮዬ ዛሬም ቡሎን አይፈልግም።

ከሁለቱ አንዱ ግን ሰኞ ጎህ ሳይቀድ ይሁን፤ እስረኞች የሚጫኑበት መኪና ሰኞ ወደ ጎንደር እንደሚነሣ፣ ፈረደም ከሚጫኑት አንዱ እንደሆነ ጥበቃዎችዎ ራሳቸው ይናገራሉ። ከዚያ መኪና ወርዶ ወደ ቆላ የተመለሰ ሰው አላየንም። ጫካ የቀሩት ጓደኞቹም ጆሯቸውን አቁመው እየጠበቁ ነው። ፈረደን በማሳው ውስጥ ካዩት ምናልባት ይገቡ ይሆናል። በሽቦ ታስሮ ሲጫን ካዩት ግን፣ ያ ሁሉ መለከትና ባትሪ ከእንግዲህ ዝንጀሮ ከማባረር በቀር አይረባዎትም፤ ለዚያ ደግሞ ኮርማው እንደሚሻል አስቀድሜ ነግሬዎት ነበር።

ላስጠሩኝ ክብር፣ ለጠጣነው ሻይ፣ ለተቆረጠው ጠፍርና ለማተብዎ ምስጋናዬ ወደር የለውም። ድምፅዎ አይዘጋብዎ፤ የተናገሩትን ሁሉ የሚሰሙበት ረጅም ዕድሜ ይስጥዎ።

ቢቀመጡበትም የማይሰበረው ነጋሪት ባለቤት፣ የክቡርነትዎ ታዛዥ አበልጅ፣ የፈረደ አባት፣

አለነ ሸጋው

ከፊርማ በኋላ ትዝ ያለኝ፦ በሐሰት ቃል ተጠያቂ እንዳልሆን አንድ ነገር ላርም። ከላይ ስለ ቀይዋ ዶሮ የጻፍሁት ፈጠራ ነው። እንቁላል ያቆመች ዶሮ የለችኝም፤ ዶሮ የሚባል በቤቴ የለም። የነበረችኝን አንዲቱን ፈረደ የገባ ዕለት ለእርስዎ ምሳ አርጃታለሁ። ፈረሰኛውን ለእርስዎ አወጣንልዎ፣ እርስዎም ቆርሰው በእጅዎ ልጄን አጎረሱት። እንግዲህ ዶሮዋን ፈጠርኋት፤ ፈረደን ግን ወለድሁት።