እስከ ከተማው በር ድረስ ብቻ ስለሚነገረው ታሪክ

ለተከበሩ ዶን ኢልደፎንሶ ባራኦና
የፔድራሳል ከተማ ከንቲባ
ባሉበት

ክቡር ከንቲባ ሆይ፣

ይህ ደብዳቤ ክቡርነትዎን በሙሉ ጤንነት እንዲያገኝዎት ምኞቴ ነው። በተለይ ስለ ጉልበትዎ እናስባለን፤ ከምርጫው ዋዜማ ወዲህ የአይሁድ ሰፈርን ዳገት ሲወጡ ያየዎት ሰው ስለሌለ፣ ሌላ ምክንያት ይኖራል ብሎ መጠርጠርም ነውር ስለሆነ፣ ጉልበትዎን አሞዎት ነው ብለን አምነን ተቀምጠናል።

እኔ ከቅስቱ ሥር ክርና የልብስ ቁልፍ የምሸጠው ካሲልዳ ኦርዱኛ ነኝ። እናቴ ዶኛ ኦብዱሊያ ሙሽራ ሆና የገባችበትን፣ እኔም የተወለድኩበትን፣ ማዘጋጃ ቤቱ ሲያከራየን የኖረውን የዳገቱን ማዕዘን ቤት ባለፈው ሐምሌ ለክቡርነትዎ አስረክበናል። የምጽፈውም ለማመስገን ነው።

ምስጋናዬ የሚጀምረው ከእግር ጉብኝቱ ነው። ቀድሞ ወደዚያ ዳገት የሚወጡት ድመቶችና ፖስተኛው ብቻ ነበሩ፤ እነሱም ሳይወዱ። ክቡርነትዎ ግን አስጎብኚ ቀጥረው፣ ድምፅ ማጉያ ገዝተው፣ የሚነበበውንም ጽሑፍ በቢሮዎ አስጽፈው፣ ከየአገሩ የመጣ ሰው በየማለዳው ደጃችን እንዲቆም አደረጉ። እኛም ስለ ቤታችን ብዙ ተማርን። በቀኝ መቃናችን ላይ ያለው ጎድጓዳ፣ እናቴ ዕድሜ ልኳን ለዳቦ አምጪው ሳንቲም የምታስቀምጥበት፣ ለካ የጥንቶቹ አይሁድ ባለቤቶች የጸሎት ጽሑፋቸውን ያኖሩበት ነበር። እናቴ ይህን በሰማች ቀን ሳንቲሟን አንስታ በጨርቅ ወለወለችው፤ ከዚያ ወዲያ ዳቦ አምጪው ሒሳቡን ከመስኮት ነው የሚቀበለው።

አሁን በጨዋ ደንብ ቅሬታዎቼን በቁጥር ላቅርብ።

አንደኛ፣ ስለ ድምፅ ማጉያው። ጉብኝቱ የሚቆመው ልክ ከእናቴ መስኮት ሥር ነው። አስጎብኚዋ ኖኤሊያ ደግ ልጅ ናት፤ በእሷ ላይ ክፉ ቃል የለኝም። ችግሩ እናቴ የመርሳት በሽታ ያለባት መሆኑ ነው። ቀኑን ትረሳለች፣ ምሳ መብላቷን ትረሳለች፣ አንዳንድ ቀን ስሜንም ትረሳለች። ከመስኮቷ ሥር የሚነገረው ታሪክ ግን በየማለዳው አዲስ ዜና ሆኖ ይደርሳታል። ንጉሡና ንግሥቲቱ አዋጅ አውጥተዋል፤ ያልተጠመቀ ሁሉ እስከ ሐምሌ መጨረሻ ቤቱን ለቆ ይውጣ። ይህን በድምፅ ማጉያ የሚናገር ሰው የመንግሥት ሰው ካልሆነ ማን ሊሆን ነው?

መጀመሪያ የሰማች ቀን ከሱቅ ስመለስ አንሶላ ስታጥፍ አገኘኋት። ቀና ብላ አየችኝና እንዲህ አለችኝ፦ «ልጄ፣ ስንት ቀን ሰጡን?»

ሳቅኩ፤ እግዜር ይቅር ይበለኝ፣ የሚያስቅ መስሎኝ ነበር። እማ፣ ይሄ ከአምስት መቶ ዓመት በፊት በአይሁዶች ላይ የሆነ ነገር ነው፣ እኛን ማንም አያስወጣንም አልኳት። እሺ አለችኝ። በማግስቱ ኖኤሊያ ከታች ጀመረች፣ እናቴም ከላይ አንሶላዋን ማጠፍ ጀመረች። ሁለት አንሶላ፣ የአባቴ ፎቶግራፍ፣ አንድ ከረጢት ሽንብራና ግማሽ አይብ በጠረጴዛ ልብስ ትቋጥራለች፤ ማታ እኔ እፈታዋለሁ፤ ጠዋት እንደገና ትቋጥረዋለች። አንዱ ስደተኛ ቤቱን በአህያ ለወጠ የሚለውን በሰማች ጊዜም ክንዴን ይዛ አስጠነቀቀችኝ፦ «በአህያ እሺ እንዳትዪ። ጣሪያው ገና አዲስ ነው፤ በቅሎ ጠይቂያቸው።»

እስከ ክቡርነትዎ ቢሮ ድረስ ሄጄ፣ ጉብኝቱ ትንሽ ፈቀቅ ብሎ እንዲቆም በትሕትና ጠይቄ ነበር። መስኮቱን እንድዘጋ በትሕትና ተመከርኩ። በፔድራሳል የሐምሌ ሐሩር፣ ከጣሪያ ክዳን ሥር፣ መስኮት ዘግቶ መቀመጥ ምን እንደሚመስል የመከሩኝ ሰው አየሩ በማሽን በሚቀዘቅዘው ቢሯቸው ሆነው ሊያውቁት አይችሉምና አልተቀየምኳቸውም። ኖኤሊያ በራሷ ፈቃድ አዋጁን በለሆሳስ ማንበብ ጀመረች፤ ብዙም ሳይቆይ ማስጠንቀቂያ ተሰጣት። «እኔ ምን ላድርግ ካሲልዳ?» አለችኝ ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ። «ዝቅ ሳደርገው ከኋላ ያሉት አልሰማንም ብለው ይከሱኛል። ከፍ ሳደርገው ደግሞ የእማማን እጆች በመስኮቱ አያቸዋለሁ።»

ሁለተኛ፣ ስለ ማዘጋጃ ቤቱ ማስታወቂያ። በግንቦት ወር ቤቱ «የትውስታ ቤት» ተብሎ ለጎብኚዎች ሊከፈት ስለተወሰነ ውላችን እንደማይታደስ፣ እኛም በከተማው ዳር ከአውራ ጎዳናው አጠገብ ሊፍት ያለው አፓርታማ እንደሚሰጠን የሚገልጽ ጨዋ ደብዳቤ ደረሰን። ትውስታዋን ያጣችን ሴት አስወጥቶ ትውስታን ማስገባት ብዙ ማሰብ የሚጠይቅ ነገር ነውና ላሰቡት ባለሙያዎች አድናቆቴን ያድርሱልኝ። መልቀቂያውም የሐምሌ መጨረሻ ነበር። ቀኑን የጻፈው ሰው ጉብኝቱን አንድም ቀን ተከትሎ የሚያውቅ አይመስለኝም።

ዓመቱን ሙሉ ማንም አያስወጣንም እያልኩ ሳረጋጋት የኖርኩት እኔ፣ ደብዳቤውን ይዤ ከፊቷ ቆምኩ። ከሁለታችን አእምሮዋ የተሟላው እሷ ሆና ተገኘች። አላለቀሰችም፣ አልተቆጣችምም፤ ቋጠሮዋን መታ መታ አደረገችና «እኔ ጓዜን ጨርሻለሁ፤ አንቺ ነሽ የዘገየሽው» አለችኝ።

ክቡርነትዎ እንዳይሳሳቱብኝ። የእኛን ነገር ከእነዚያ ሰዎች መከራ ጋር አላስተካክልም፤ እነሱ ሊፍት አልተሰጣቸውም፣ ብዙዎቹም በየመንገዱና በየባሕሩ ቀርተዋል። እፍረት አውቃለሁ። ነገር ግን የእነሱን ልቅሶ በየማለዳው በድምፅ ማጉያ እያስነበቡ፣ ከዚያው ልቅሶ ሥር አንዲት አሮጊትን ማስወጣት የሚቻል መሆኑን ከክቡርነትዎ ባልማር ኖሮ ከማንም አልማረውም ነበር።

ሦስተኛው ቅሬታ ስለ መውጫችን ቀን ነው። በደንቡ ልጽፈው ሦስት ጊዜ ጀምሬ ሦስቱንም ቀድጄዋለሁ፤ ስለዚህ ቁጥሩን ትቼ እንደሆነው ልንገርዎት።

እናቴ በዚያ ሙቀት ለፋሲካ የምትለብሰውን ጥቁር ካፖርት ለበሰች። ቋጠሮዋን አቅፋ፣ እጄን ይዛ በሩን ስንከፍት የኖኤሊያ ቡድን ደጃፋችንን ሞልቶት ነበር። አዋጁ ተነቦ ማለቁ ነበር። ሰዎቹ አንዲት አሮጊት ቋጠሮ ይዛ ከዚያ በር ስትወጣ ሲያዩ፣ ክቡርነትዎ ያዘጋጁላቸው ቲያትር መሰላቸው። አጨበጨቡ። አንዷ ፎቶ ልታነሳት ፈልጋ ወደ ብርሃኑ እንድትዞር በእጇ ምልክት አሳየቻት፤ እናቴም በጨዋነት ያደገች ሴት ናትና ዞረችላት። እኔ በዚያች ደቂቃ ልቤ ተሰበረ፤ እስከ ዛሬም አልተጠገነም። ኖኤሊያ ድምፅ ማጉያውን መሬት ላይ አስቀምጣ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፈነች።

ያላጨበጨበ አንድ ሰው ነበር። ከቱርክ አገር፣ ከኢዝሚር የመጣ፣ በራሱ ላይ ትንሽ ቆብ የደፋ ሽማግሌ፤ ስሙን በኋላ እንደነገረኝ ሴኞር ኒሲም። የተናገረው በእኛው ቋንቋ ነው፤ ብቻ ቋንቋው ያረጀ፣ የአያቴን እናት አነጋገር የሚመስል፣ ቤተሰቡ በዚያ አዋጅ ሲባረር ከዚህ ይዞት ወጥቶ እስካሁን ያላስቀመጠው ነበር። ወደ እናቴ ቀረብ ብሎ ቆቡን ነካ አደረገና ጠየቃት።

«እመቤቴ፣ ወዴት ነው የሚወስዱዎት?»

«እስከ ከተማው በር ድረስ ነው የነገሩን» አለችው እናቴ። «ከዚያ ወዲያ ያለውን አልነገሩንም።»

«ለእኛም አልነገሩንም፣ እመቤቴ» አላት።

ከዚያም ቋጠሮውን በአንድ በኩል ያዘላትና ሦስታችን ዳገቱን ወረድን። ሰዎቹ ከኋላችን ተከተሉ። በሩ ጋ ስንደርስ ኖኤሊያ «የወጡት በዚህ በር ነው፤ ጉብኝታችንም እዚህ ላይ ያበቃል» ማለት ነበረባት። አላለችም። ጽሑፉን ሳትጨርስ መቅረቷን የሚከስ ሰው ይኖር ይሆናልና፣ ምስክር ካስፈለገ እኔ አለሁ፤ እውነት ነው፣ አልጨረሰችም።

አሁን ያለነው በአፓርታማው ነው። ሊፍቱ ይሠራል፤ ስለዚህም አመሰግናለሁ። ከመስኮቱ ሥር የሚሰማው የጭነት መኪና ብቻ ነው። እናቴን የሚያስወጣት አዋጅ የለም፤ ካፖርቷን ግን አላወለቀችም፣ ቋጠሮውንም እንድፈታው አትፈቅድልኝም። አመሻሽ ላይ ጭኗ ላይ ታስቀምጠውና ታየኛለች። «ከዚህስ ወዴት ነው?» ትለኛለች። ደርሰናል እማ፣ ቤታችን ይሄ ነው እላታለሁ። በትሕትና ፈገግ ትላለች፤ አታምነኝም። ታሪኩን የሚያውቅ ሰው መጥቶ የቀረውን እስኪነግራት ትጠብቃለች፣ እኔም የቀረውን አላውቀውም።

ስለዚህ ልመናዬ አንድ ብቻ ነው። ቤቱን መልሱልን አልልም፤ የቲኬት መቁረጫው እኔ በተወለድኩበት ክፍል መሠራቱን ሰምቻለሁ። ያንን ጽሑፍ ያዘጋጁት የክቡርነትዎ ባለሙያዎች ከበሩ በኋላ ስለሆነው ጥቂት መስመር ይጨምሩበት። የመጀመሪያውን ሌሊት የት አደሩ? ሾርባ የሰጣቸው ሰው ነበር? ካፖርታቸውን አውልቀው የተቀመጡት የት ሲደርሱ ነው? ጽፈው ይላኩልኝና እኔ ለእናቴ አነብላታለሁ፤ ድምፅ ማጉያ አያስፈልገኝም።

ከተማችንን ለጎብኚ ያመቹ ዘንድ ነዋሪውን በቸርነትዎ ላቀለሉልን ለክቡርነትዎ ዕድሜና ጤና፣ ለጉልበትዎም ብርታት እየተመኘሁ፣ ከአውራ ጎዳናው ዳር እጅ እነሣለሁ።

ትሑት የቀድሞ ተከራይዎ፣
ካሲልዳ ኦርዱኛ

ድኅረ ጽሑፍ፦ የትውስታ ቤቱ ለምረቃው የቀድሞ ነዋሪዎች አሮጌ ዕቃ እንዲያውሱት ጠይቋል። ቋጠሮውን እናቴ ስለማትለቀው ወንበሯን ልኬያለሁ። በቦታው፣ ከመስኮቱ አጠገብ ያስቀምጡልኝ፤ ከዚያ ሆኖ ታሪኩ አንድም ቃል ሳይጎድል ይሰማል። ለምረቃው ሲመጡ ክቡርነትዎም ጥቂት አረፍ ይበሉበትና ከታች ሲነበብ ያዳምጡ። አንሶላ ማጠፍ ካሰኘዎት ቁም ሣጥኑ በስተግራ ነው።