በሬውን የመለሰው ባላባት

ይድረስ ለሆዴ፣ ለደምሴዬ፤

ከተለየኸኝ እነሆ ዓመት ሞላ። እኛ ደኅና ነን። ትርንጎ ትምህርት ቤት ገብታለች፤ የጓዳው ጣሪያም ወንድሜ ከድኖልን ማፍሰሱን ትቷል። ማሲንቆህ እዚያው ግድግዳው ላይ ነው። የኪነት ቡድኑ ሰዎች ስጪን ብለው ለምነውኝ ነበር፤ እምቢ አልኩ። ንፉግ በለኝ ካሻህ።

ልነግርህ የፈለግሁት ግን ሌላ ነው። ፈርቼ ነበር፣ ደምሴዬ። የገዛ ድምፅህ ጠፋብኝ። የዳኛው፣ የሰካራሙ፣ የአማቲቱ ድምፅ ጆሮዬ ላይ አለ፤ ያንተው ግን አልመጣ አለኝ። ጥፋቱ ደግሞ ያንተ ነው! በንጉሡ ጊዜ ከሠርግ ቤት ማሲንቆ ጀምረህ እስከ አውራጃው ኪነት ደረስክ፤ እዚያም ዋናው ሚና ለዚያ ቁመተ ሎጋ አስተማሪ ይሰጣል፤ የተረፈው ሁሉ ላንተ ነው። በአንድ መድረክ አሽከርም፣ ዳኛም፣ አማትም ሆነህ፣ መጋረጃው ሲወርድ ማሲንቆህን ይዘህ ብቅ። ነጠላዬንማ አማት ስትሆን እየለበስክ ጨረስከው። ቤት ስትመጣም አያስችልህም፤ ደጅ ቆመህ በሰው ድምፅ ትጣራለህ። እኔም በራስህ ድምፅ ካልተናገርክ አልከፍትም እልሃለሁ። ዝናብ እየመታህ እንኳ ትስቅ ነበር።

ብልባላ መንደር መድረክ ላይ ባላባት ሆነህ የጭሰኛውን በሬ የነዳህ ጊዜ ትዝ ይልሃል? በማግስቱ እዚያው ገብስ ልንሸምት ገበያ ብንወጣ አንዲት ባልቴት ላንተ አልሸጥም አሉ። የድሃ በሬ ነድቶ ገበያ የሚወጣ ዓይን አውጣ ብለው ሰደቡህ። እኔ በሳቅ ልሞት! አንተ ግን ጨዋታ ነው አላልካቸውም። ዝቅ ብለህ ጉልበታቸውን ነክተህ፣ በሬውን እንደምትመልስ ቃል ገባህላቸው። ቡድኑ እንደገና ብልባላ ሲሄድ እውነትም መድረክ ላይ መለስከው። ካድሬው አበደ። ባላባት እንዴት በሬ ይመልሳል ብሎ ስብሰባ ፊት አቁሞ ግለ ሂስ አስደረገህ። አንተ ቤት ገብተህ የተናገሩት ከሚጠፋ የወለዱት ይጥፋ ስትል ትርንጎ እቅፌ ላይ ነበረች፤ አፍህን ያዝ ብዬ ተቆጣሁህ።

ባለፈው እሁድ ሙት ዓመትህን አወጣን። እኚያ ባልቴት ገብስ በአህያ አስጭነው ከብልባላ ላሊበላ ድረስ መጡ። እርጅናቸውን ብታየው! ደጃፍ ተቀምጠው፣ በሬውን የመለሰው ባላባት ቤት ይኼ ነው ወይ ብለው ጠየቁ። ከዚያ ያን ቀን ያልካቸውን ለአስተዛዛኙ ሁሉ ነገሩ። ልክ እንዳንተ ጉሮሯቸውን ጠረግ አድርገው፣ እናቴ የምትለዋን ቃል ጎተት አድርገው፣ ቀስ ብለው። አወቅሁህ። ያ የባላባቱም የዳኛውም አይደለም፤ ብዙ ካስቸገርከኝ በኋላ በሩ ላይ የምሰማው ድምፅ እሱ ነበር። አለቀስኩ፤ ደስም አለኝ።

እንግዲህ አልረሳህም። ብረሳህም ብልባላ ወርጄ አስታውሱኝ እላቸዋለሁ። አንድ ነገር ብቻ ልለምንህ፤ በሕልሜም ቢሆን ና። በዳኛው ድምፅም ና፣ በአማቲቱም ና። ከእንግዲህ ማነህ ብዬ ደጅ አላቆምህም።

ሚስትህ አልጋነሽ