ጌታነሽ ስለ ፊልምህ የጠየቀችኝ

ለምወድህ ወንድሜ ለመኳንንት፣

ሰላምታዬ ከመሐል ሜዳ ተነሥቶ አዲስ አበባ ካለህበት ይድረስህ። እኛ እግዚአብሔር ይመስገን ደህና ነን፤ ገብሱም አሽቷል።

በድራማው ላይ የሞትክ ጊዜ ጎረቤቴ ጌታነሽ ነጠላዋን አዘቅዝቃ ለቅሶ መጣች። «አታሟርቺብኝ፣ ትወና እኮ ነው!» ብዬ ስቄ መለስኳት። ትናንት ደግሞ ስለ ሳንባ ሕመም በተሠራው ዘጋቢ ፊልም አየንህ፤ ከስተህ፣ አልጋ ላይ ሆነህ ትስላለህ።

«ይሄስ ትወና ነው?» አለችኝ።

ዘጋቢ ፊልም የሚያሳየው እውነተኛውን ነው ይላሉ። አንተ ግን ተዋናይ ነህ። ምን ብዬ ልመልስላት? አሳሳልህ የአባባ ነው፤ ያኔ ሳንባቸውን ታመው ሳሉ ከእሳቸው አጥንተኸው ይሆናል።

ከበግ ጠጉር የተሠራ የሚለበስ ባና ልኬልሃለሁ፣ አዲስ አበባም ይበርዳል አሉ። እኔ ወገቤን ስላመመኝ ጸበል ልገባ ነው። ብቻዬን እፈራለሁና ና፣ አብረን እንጠመቅ።

ዓይንህን ለማየት ያብቃኝ።

እህትህ ሰርካለም