ወንድሜ ስለተኛበት ሐይቅ ለክቡር ፊታውራሪ ዘገዬ የቀረበ ምስጋና

ድሬዳዋ፣ መጋላ፣ ኅዳር ፲፱፻፶፮ ዓ.ም.

ለክቡር ፊታውራሪ ዘገዬ
የአዲሱ ሐይቅና መናፈሻ አሠሪ ኮሚቴ ሊቀ መንበር

ጤናዎ ከነመላ ቤተሰብዎ እንደምን ሰንብቷል? በዚህ ሙቀት እንቅልፍ እንዳይነሳዎ፣ ሕልምም እንዳያስቸግርዎ ከልብ እመኛለሁ። እኔ መሐሙድ ኦብሲዬ በመጋላ ሸራ ወጥሬ በአንዲት የስፌት መኪና የምተዳደር ልብስ ሰፊ ነኝ። ድንጋይ ይፈለጥበት የነበረውን የካባዎን ጉድጓድ ሐይቅ ስላደረጉት ከተማው ሁሉ ሲያመሰግንዎ እኔ ብቻ ዝም ማለቴ ነውር መስሎ ስለታየኝ፣ ይህችን ደብዳቤ በአደባባይ ለመጻፍ ተደፋፍሬአለሁ።

ሥራዎ ያማረ መሆኑን አልክድም። ጀልባዎቹ ሰማያዊ ተቀብተዋል፣ ዳር ዳሩ አሸዋ ለብሷል፣ የኒም ችግኝ ተተክሏል፣ ለሙዚቀኞችም መድረክ ቆሟል። በጋውን ሙሉ አቧራ ስንቅም ለምንኖር ሰዎች ይህን ያህል ውሃ ማየት ትልቅ ነገር ነው። ጉድለቱ ወንድሜ ሃሺ ከሥሩ መኖሩ ብቻ ነው።

፩ኛ፤ ስለዚያች ዓርብ አመሰግንዎታለሁ። ክቡርነትዎ እንደሚያውቁት በካባው ልማድ ድማሚት የሚፈነዳው ዓርብ በጁምዓ ሰዓት ነበር፤ ሠራተኛው አብዛኛው እስላም ስለሆነ ወደ መስጊድ ይሄዳል፣ ጉድጓዱ ባዶ ይቀራል፣ ባለ ድማሚቱም ወርዶ ማየት ሳያስፈልገው ክሩን ይለኩሳል። የዛሬ ሦስት ዓመት ግን በባቡር የሚጫን ድንጋይ አስቸኩሎዎ፣ ሃሺ ሶላቱን ትቶ በምሥራቁ ግድግዳ ሥር የቀረውን እንዲፈልጥ አዘዙት። ለባለ ድማሚቱ መንገሩን ዘነጉት። የሥራ ብዛት ያዘናጋል። ትእዛዝዎን በጆሮው የሰማው ጓደኛው ሹክሪ ከመስጊድ ሲመለስ ግድግዳው ወርዶ ጠበቀው።

፪ኛ፤ ስለ ርኅራኄዎ። ድንጋዩን ለማንሳት አካፋ ይዘን ብንመጣ፣ ዘበኞችዎ አደጋ እንዳያገኘን በመስጋት በዱላ መለሱን። ከሥር የሚመነጨውን ውሃ ሌት ተቀን እየሳበ ጉድጓዱን ያደርቅ የነበረውም ሞተር በማግሥቱ እንዲቆም ተደረገ። በእኛ ሃይማኖት ሟች ታጥቦ፣ ተከፍኖ ነው የሚቀበር። ክቡርነትዎ ሳንለምንዎ የወንድሜን ገላ እንዲህ በብዙ ውሃ ስላሳጠቡልን ውለታዎን በምን እንደምከፍል አላውቅም። ከፈን ስፌት ስለማይነካው ከእኔ ሙያ የሚጠበቅ ነገር የለም፤ ነጩ ጨርቅ እንደተቆረጠ ሳጥኔ ውስጥ ተቀምጧል።

፫ኛ፤ ስለ ማስረጃው። ሚስቱ ሃዎ ባሏ መሞቱን የሚገልጽ ወረቀት ብትጠይቅ፣ መሥሪያ ቤትዎ ሃሺ ሥራውን ጥሎ በባቡር ወደ ጅቡቲ መኮብለሉን ጽፎ ማኅተም አድርጎ ሰጣት። ስለዚህ ቃዲው ባልሽ ሞቷል ሊላት አልቻለም፤ እንደ ባለትዳር እንዳትኖር ባል የላት፣ ሌላ እንዳታገባ አልተፈታች። እናቴ ሃሊሞ ግን ወረቀትዎን አምናለች። የጅቡቲ ባቡር በገባ ቁጥር ነጠላዋን ለብሳ ጣቢያ ትወርዳለች፣ ሰዉ ሁሉ ወርዶ እስኪያልቅም ቆማ ታያለች። ለአሮጊት እግር መንቀሳቀስ ደግ ነው ይባላልና ለዚህም ምስጋናዬ ይድረስዎ።

ክቡር ሆይ፣ እጠላዎታለሁ። ይህንን የምጽፈው በተገቢው ትሕትና ነው።

የምለምንዎ አንድ ነገር ነው። ከሐይቁ ምርቃት በፊት ያ ሞተር ይነሳ፣ ውሃው ይቀነስ፣ እኛም በራሳችን ጉልበት ምሥራቁን ግድግዳ እንቆፍር። ሃሺ ከተገኘ አንሥተን እንቀብረዋለን፣ ሃዎም እንደ ሰው ታለቅሳለች፤ ሐይቅዎም ተመልሶ ይሞላል፣ መጀመሪያም የሞላው ማንም ሳይለምነው ነው። ካልተገኘ ደግሞ ለምርቃቱ በሚሰበሰበው ሕዝብ ፊት ጫማዎን ስሜ ይቅርታ እጠይቃለሁ። ንጹሕ ሰው ከዚህ የተሻለ ምን ይመኛል?

ጤናና ረጅም ዕድሜ፣ ከሁለቱ አብልጦ ደግሞ ጥሩ የማስታወስ ችሎታ ይስጥልኝ እያልኩ፣ በክቡርነትዎ ቸርነት ወንድም አልባ የሆንኩ፣ የምርቃት ልብስዎንም በነጻ ለመስፋት የተዘጋጀሁ፣

ትሑት አገልጋይዎ
መሐሙድ ኦብሲዬ

ማሳሰቢያ፦ ኮሚቴዎ ለሐይቁ ስም እንድናወጣ ሕዝቡን በማስታወቂያ ስለጠየቀ፣ እኔ «የሃሺ ሐይቅ» የሚለውን አቀርባለሁ። ሰውዬው ጅቡቲ ነው ካሉ ስሙ የሚጎዳዎ ነገር አይኖርም። ይህ ስም አይሆንም የሚሉ ከሆነ ግን ምክንያቱን በጽሑፍ ይስጡን፤ ሃዎ ለቃዲው ታሳየዋለች።