ባለ አንድ ዓይኑ ጌታህ

ይድረስ ለወንድሜ ለየሻው ወልደ ገብርኤል፤ እንግሊዝ አገር፣ ለንደን።

እንዴት ከርመሃል? ብርድ ሲሆን የሚይዝህ ጉልበትህ እንዴት ሆነ? ደረትህስ? እንቅልፍስ ይወስድሃል? እህሉስ ተስማማህ ወይስ ዛሬም ያንኑ ቅቅል ድንች ነው የምትበላው? እኔ እህትህ ባንቺአየሁ በአባታችን በተክለ ሃይማኖት ጠባቂነት ደኅና ነኝ። አባባም ከዓይኑ በቀር ደኅና ነው። ክረምቱ ሸጋ ነበር፤ ጤፉ ገብቷል፤ ጥቁሯ ላም ወልዳለች። ከናፍቆትህ በቀር የጎደለብን የለም ብዬ ልጨርስ ነበር፤ ግን የምነግርህ አለኝ።

አባባ ሥዕል እንዲሠራልህ የጠየቅህበት ፖስታ በጥቅምት ደረሰ። የአንተን ደብዳቤ በሌላ ሰው አፍ ላለመስማት ስል ከስኳር መጠቅለያና ከጋዜጣ ቁራጭ ፊደል የለቀምሁ ሰው ነኝና፣ እንደ ልማዴ ደጃፍ ተቀምጬ ለአባባ አነበብሁለት። ልብሱን የምታለብሰው ጌታህ ሚስተር ብራምሊ ከተዋናይነቱ ሊያርፍ ነው፤ ግብዣ ይደረግለታል፤ በግብዣው ላይ የአባባ ሥዕል እንዲሰቀል ትሻለህ። በቲያትርና በሲኒማ የሆናቸው ሰዎች ሁሉ እንደ ቅዱሳን ገድል በየክፍሉ ተስለው፣ ሁሉም ባለ ሁለት ዓይን ሆነው፣ በመጨረሻው ክፍል እሱ ተቀምጦ አንተ ካፖርቱን ይዘህ ከኋላው ትቆማለህ። ሥዕሉ ከደረሰው ደስ ብሎት ለፋሲካ አገርህ እንደሚያሰናብትህም ጽፈሃል። ይህችን የመጨረሻዋን አባባ መልሼ እንዳነብለት ጠየቀኝ።

የሰዓሊ ልጅ ነህና ሁለት ዓይን ያልኸው ሳታውቅ አይደለም። ጻድቅ ፊቱን ወደ ሰው አዙሮ በሁለት ዓይኑ ያያል፤ ይሁዳና ገራፊዎቹ ግን ወደ ጎን ዞረው በአንድ ዓይን ይሳላሉ። አባባ ዕድሜውን ሙሉ ከዚህ ሥርዓት ወጥቶ አያውቅም። አንተ ለጌታህ ስትል ውጣ አልኸው።

የዚህን ሰው ታሪክ በየዓመቱ ስለምትጽፍልኝ ከጎረቤቴ ታሪክ ይልቅ አውቀዋለሁ። በጎረምሳነቱ ቀሚስ ለብሶ አሮጊት ሞግዚት ሆነ። ከዚያ በር ከፋች ሆነ፤ ሰካራም ቄስ ሆነ፤ ሚስቱን በመርዝ የገደለ ሐኪም ሆነ፤ ጥላሸት ተቀብቶ የህንድ ሹም ሆነ። ይህን ሁሉ ሲሆን አንድ ቀን ዋናው ሰው ሳይሆን ሸመገለ። እናታችን ባረፈች ጊዜ ደግሞ ንጉሥ ሆኖ ነበር። ዘውዱን የሚይዝለት ሌላ ሰው የለም ብለህ ከተዝካሯ ቀረህ። ያ ዘውድ የካርቶን መሆኑን የጻፍህልኝ አንተው ነህ።

አምና ፊልሙ ወደ እናንተም ይመጣል ባልኸኝ ጊዜ ከአክስታችን ልጅ ከወለላ ጋር ነጠላችንን አጥበን ጎንደር ሲኒማ ቤት ሄድን። እንግሊዝኛውን ባንሰማም ጌታህን በላክኸው ፎቶግራፍ ለየሁት። ወለላ የቱ ነው ብላ ወተወተችኝ፤ ያ ሰሐን የያዘው ነው አልኋት።

«እሱማ አሽከር ነው» አለች።

አዎን፣ ለጊዜው አሽከር ሆኖ ነው አልኋት።

«ታዲያ የሻው የአሽከር አሽከር ነው በይኛ» አለች። ከኋላችን የተቀመጡት ሁሉ ሳቁ። ጌታህም ብዙ አልቆየም፤ ሰሐኑን እንኳ ሳያስቀምጥ ከመጋረጃ ጀርባ ሞቶ ተገኘ። ከዚያ በኋላ ማንም ስሙን ያነሳ አልመሰለኝም። ለዚህ ነው ሃያ ዓመት ጢም ስታጣብቅ የኖርኸው?

አባባ ግን ሥራውን በደስታ ጀመረ። አቡጀዴውን ወጠረ፤ ቀለሙን በጠበጠ፤ የላክኻቸውን ፎቶግራፎች እያስጠጋ ያይ ጀመር። ሞራው ግራ ዓይኑን ጨርሶ ወደ ቀኙ አልፏል፤ የሰው ፊት የሚለየው በደጃፍ ብርሃን ብቻ ነው። ንስሐ አባታችን አባ ወልደ ዮሐንስ ሊጠይቁት ቢመጡ ሚስቱን የገደለውን ሐኪም አሳያቸውና ለዚህ ሁለት ዓይን እንዴት እሰጣለሁ አላቸው። እሳቸውም ሰውየው በእውነት አልገደለም፣ የገደለ መስሎ ነው እንጂ አሉት። አባባ ትንሽ አሰበና፣ እንግዲያውስ ሳይመስል የተነሣውን ስጡኝ፣ እሱን እስላለሁ አለ። ሦስታችንም ፎቶግራፉን ሁሉ አገላበጥን። ጢም የሌለበት፣ ጥላሸት የሌለበት፣ የራሱ ፊት ያለበት አንድ ብቻ ተገኘ። እሱም ጌታህ ወንበር ላይ ተቀምጦ አንተ ከኋላው የቆምህበት ነው።

አባባ ያን ይዞ ወደ ደጃፉ ወጣ። ጌታህ በሁለት ዓይኑ ፊት ለፊት ያያል። አንተ ግን የእሱን ትከሻ ስትጠርግ ወደ ጎን ዞረሃል። አንድ ዓይንህ ብቻ ነው የሚታየው። አባባ ወረቀቱን ወደ ፀሐይ ከፍ ዝቅ አደረገ፤ የሚበራለት መስሎት ዓይኑን በእጁ ጠራረገ። በኋላ፣

«ምነው፣ ልጄን ማን አዞረው?» አለ።

አባ ወልደ ዮሐንስ ፎቶግራፍ አንሺው ነው ሊሉት ጀምረው ተዉት። አባባም ያን ቀን ብሩሽ አልያዘም።

ከዚያ በኋላ ሥዕሉን በዝግታ ሠራው። ሞግዚቷም፣ ሐኪሙም፣ ሰካራሙ ቄስም፣ ባለ ካርቶን ዘውዱም ሁሉም ወደ ጎን ዞረው በአንድ ዓይን ተሳሉ። በመጨረሻው ክፍል ግን ጌታህን በሁለት ዓይን ሣለው። ለዚህ ሰው ነው እንዴ ብዬ ተቆጣሁ። «ካረፈ በኋላ ምን ዓይነት ሰው እንደሚሆን እኔ ምን አውቃለሁ» አለኝ። እኔ አውቃለሁ፤ ግን አልተጠየቅሁም።

ካፖርቱም ተሥሏል፤ የያዘው እጅህም ተሥሏል። ከአንገትህ በላይ ነጭ አቡጀዴ ነው። ፋሲካ እየቀረበ ነው፣ ጨርሰውና ልላከው ብዬ ብለምነው፣ «የጌታውን ፊት ከወረቀት ቀዳሁ። የልጄን ከወረቀት አልቀዳም፤ መጥቶ ይቁምልኝ» አለ።

ስለዚህ ሥዕሉን አልላክሁትም፤ አልልከውምም። ጌታህ ቢጠይቅህ አላለቀም በለው። ያለ ሥዕሉ አያሰናብተኝም ብለህ እንዳትጽፍልኝ፤ መቅረትህን ስታመካኝበት የኖርኸው ሰው ከእንግዲህ የሚጫወተው የለም፤ ግብዣውም ያልፋል። አባባ ማለዳ ማለዳ ቀለሙ እንዳይደርቅ እያረጠበ ደጃፍ ይቀመጣል። ከጎንደር ማኪና በመጣ ቁጥር ቀና ይላል። ሰውየው አጠገቡ ካልደረሰ ማን እንደሆነ አይለየውም፤ ባለፈው ሳምንት ፖስተኛውን «የሻው» ብሎ ጠራው። የቀኝ ዓይኑ እስከ ፋሲካ ይቆይ እንደሆነ አላውቅም። አንተን ማየት የሚችለው በእሱ ብቻ ነው።

አባ ወልደ ዮሐንስ እግዚአብሔር ይፍታህ ይሉሃል። ወለላ ሰላም ብላሃለች፤ ያለችህን ግን አልተወችም፤ ስትመጣ ፊት ለፊት እደግምለታለሁ ትላለች። ለጌታህም ሰላም በልልኝ፤ በየትኛው ፊቱ እንደሚቀበለው አንተ ታውቃለህ። አባባ ግን ሰላምታ አልልክም ብሏል፤ በአፉ ሊሰጥህ አስቀምጦታል።

እህትህ ባንቺአየሁ ወልደ ገብርኤል
አዘዞ፣ ጥር ፲፰ ቀን ፲፱፻፶፭ ዓ.ም.